ዕዳውም እንዳለ ነው፣ ማሳውም እንዳለ ነው

የዘመድን ክፉ ማውራት ነውር ነው ይባላል። ይህን ያለው ሰው የእኔን ዘመዶች አያውቃቸውም። እስከ ዛሬ ዝም ያልሁት አፍ አጥቼ አይደለም፤ ግማሾቹ ሞተው ስለማይሰሙኝ፣ የቀሩት ደግሞ ሰምተው ስለማያፍሩ ነው። ግን የቤት ብድር ለመፈረም የተዘጋጃችሁ ሰዎች ካላችሁ ይህን ሳትሰሙ አትፈርሙ። ሌሎቻችሁ ለሐሜቱ ስትሉ ስሙ፤ አልቀየማችሁም።

መርሳ ላይ፣ አስፋልቱ ዳር፣ አራት ክፍል አልጋ ቤት አለኝ። ከፊት ሁለት ሱቅ አከራያለሁ፤ አንዱ ፀጉር ቤት ነው፣ ሌላው ሞባይል ጠጋኝ። ቤቱን የሠራሁት ለሹፌርና ለረዳት ምግብ እየሸጥሁ ነው። ባሌ የረዳኝ ነገር ቢኖር ቶሎ መሄዱ ነው። ቆቦ ሌላ ሴት አግኝቶ ሲሄድ የወሰደው ራዲዮናችንን ብቻ ነበር፤ እሱም ሲያሰኘው ብቻ ነበር የሚናገረው፣ እንደ ባለቤቱ።

ያለችኝ አንዲት ልጅ ናት፣ ብርቱካን። ወልድያ ነርስ ናት። ባሏ ዳዊት እዚያው የባጃጅ መለዋወጫ ይሸጣል። ስሟን መርሳ ከምትታወቅበት ከብርቱካን ፍሬ የወሰድሁት የሚመስላቸው ብዙ ናቸው። ስሙን ያወጣሁት በቂም ነው።

አባቴ ግራና ወንዝ ዳር አንድ ደህና ማሳ ነበረው። የእናቱን ተዝካር ለማውጣት ገንዘብ ሲያጥረው ከታናሽ ወንድሙ ከአያ ሞላ ተበደረ። ብድሩ በወለድ አገድ ነበር። ለማታውቁት ልንገራችሁ፤ በወለድ አገድ አበዳሪው ወለድ አይቀበልም። በወለዱ ፈንታ መሬቱን ይይዝና ያርሳል፣ ምርቱን ይበላል። ተበዳሪው ዋናውን ገንዘብ ሲመልስ መሬቱን ይረከባል። ሲሰሙት ደግ ነገር ይመስላል። ደግሞም የወንድም ነው።

አያ ሞላ ዓመት በዓመት ማሽላውን ያስገባል። አባቴ ማሳ የሌለው ገበሬ ሆኖ በሰው መሬት የእኩል እያረሰ ዋናውን ከየት ያምጣ? በየመስከረሙ ይሄድና «ወንድም ዓለም፣ የበላኸው ታስቦ ከዕዳው ትንሽ ቀንስልኝ» ይለዋል። አያ ሞላ ጺሙን እያሻሸ «ምኑን ልቀንስ? ዕዳውም እንዳለ ነው፣ ማሳውም እንዳለ ነው» ይላል። ውሸት ቢሆን ኖሮ እንጣላው ነበር። ክፋቱ እውነት መሆኑ ነው።

ኋላ መሬት ላራሹ ታወጀ። አባቴ ጮቤ ረገጠ። አራሹ ማን ነው ተብሎ ሲጠየቅ ጎረቤቱ በሙሉ ጣቱን ወደ አያ ሞላ ቀሰረ፤ ሲያርስ የኖረው እሱ ነዋ! ማሳው በዚያው ቀረ። ከዓመታት በኋላ ብርቱካን ተተከለበት። በአጥሩ ሳልፍ ሽታው ይደርሰኛል፤ አንድ ፍሬ «እንኪ ቅመሽ» ያለኝ ግን የለም። ልጅ ስወልድ ብርቱካን አልኋት። የራሴ አለኝ ለማለት ነው።

አያ ሞላ ሲሞት ብርቱካኑን ልጁ ደምሴ ወረሰ። በፍሬው ሽያጭ ወልድያ ላይ ቤት ሠራ፣ ግቢው ሰፊ፣ በሩ አረንጓዴ ብረት። አሁን ወደማወራላችሁ ነገር የምመጣው በዚህ ቤት ነው።

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ «ቤቶች!» የሚል ድምፅ ሰማሁ። ብወጣ መምሬ ተፈራ ከፊት፣ ሸህ ይማም ከኋላ፣ በመካከላቸው ደምሴ አንገቱን ደፍቶ ቆሟል። ለሽምግልና ሲሆን አንገት መድፋት ደንብ ነው። እሱ ግን ስልኩን እያየ ነበር።

«ግቡ፣ ተቀመጡ» አልኋቸው።

«አንቀመጥም» አሉ መምሬ። «ለልመና የመጣ ሽማግሌ እሺ ሳይባል አይቀመጥም።»

«እንግዲያው ይቁሙ።»

ሸህ ይማም ሳቃቸው አመለጣቸው። ጉልበታቸውን ያማቸዋል። «እኔስ እቀመጣለሁ። አላህ ጉልበቴን ያውቀዋል» ብለው አግዳሚው ላይ ዘፍ አሉ። መምሬም ብቻቸውን መገተሩ አላማራቸውም መሰለኝ፣ ትንሽ ቆይተው ተከተሏቸው።

«እቴነሽ» አሉኝ መምሬ ጉሮሯቸውን ጠርገው፣ «ደስ የሚል ነገር ይዘን ነው የመጣነው። ብርቱካን የደምሴን ቤት ልትገዛ ነው። ዘመድ ለዘመድ፣ ባዳ ሳይገባበት።»

«በምን ገንዘብ?»

«ግማሽ ሚሊዮን ብር ከባሏ ጋር ቆጥበዋል። ቀሪውን አንድ ሚሊዮን ባንክ ያበድራል። ባንኩ ታዲያ ያንቺም ቤት በመያዣነት ይጨመር አለ። ፊርማ ናት። አንዲት ፊርማ።»

«የሚገዛው ቤት ራሱ ለመያዣ አይበቃም?»

ደምሴ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና አለ። «ገማቾቹ ልጆች ናቸው፣ እትዬ። የቤት ዋጋ የት ያውቃሉ!»

ይህ ማለት ባንኩ ቤቱን ሲገምተው እሱ ከጠራው ዋጋ በታች ሆኖ አገኘው ማለት ነው። የጎደለውን የምሞላው እኔ ነኝ። የአባቴ ማሳ የሠራውን ቤት ልጄ ከዋጋው በላይ ልትገዛ፣ እኔ ደግሞ ቤቴን ላስይዝበት። አያ ሞላ መቃብሩ ውስጥ ሆኖ ጺሙን ሲያሻሽ ታየኝ።

«ወለዱስ ስንት ነው?» አልሁ።

«ምን ወለድ አለው!» አሉ መምሬ። «መያዣ ከተያዘ ወለድ ታገደ አይደለም? ወለድ የሚከፍለው መያዣ የሌለው ነው። ከአባቶቻችን ጀምሮ እንዲያ ነው።»

«ወለድ ያለበት ቢሆን እኔ እዚህ ምን እሠራለሁ?» አሉ ሸህ ይማም። «መያዣ አለው፣ ችግር የለውም ብሎኛል ደምሴ።»

«እንዲያ ነው ያልኸው?» አልሁት።

«ያው… አሠራር አለው፣ እትዬ» አለና ወደ ስልኩ ተመለሰ።

በመምሬ አትሳቁ። በእኛ አገር ይህን የሚያምነው ብዙ ነው። መያዣ ስትሰጥ ወለድ ይቆማል፤ ስናየው የኖርነው ይህን ነው። እኔ ግን መያዣ የተባለው ነገር ቁጭ ብሎ ሲበላ አይቻለሁ። ስለዚህ ጠየቅሁ።

«ባንኩ መጥቶ አልጋ ቤቴን ሊያከራይ ነው?»

«ኧረ በፍጹም! አንቺው ትኖሪበታለሽ።»

«የደምሴን ቤት ባንኩ ሊገባበት ነው?»

«ብርቱካን ናት የምትገባው።»

«ታዲያ ባንኩ ምን ይበላል?»

ሸህ ይማም ደምሴን አዩት። ደምሴ ጣሪያውን አየ። ጣሪያዬ የሚታይ ነገር የለበትም።

«ሰኞ ወልድያ እመጣለሁ» አልሁ። «እናንተም ትመጣላችሁ። የምፈርመውም የማልፈርመውም በፊታችሁ ነው።»

እሑድ ብርቱካን ከወልድያ መጣች። ደምሴ ደውሎላታል። በሩ ላይ እንደቆመች ጀመረችኝ።

«እማ፣ ሽማግሌ ቆመው ይቀሩ አልሽ አሉ?»

«ተቀመጡ ብያለሁ።»

«አከራዬ በዓመት ሁለቴ ነው የሚጨምርብኝ። ልጅ ብወልድ የውሃ እጨምራለሁ ብሎኛል። ያልተወለደ ልጅ ውሃ! የራሴን በር ልዝጋ ነው የምልሽ። አንቺ የራስሽ በር ስላለሽ አይገባሽም።»

ይህኛው ወጋኝ። እውነቷን ነው። እኔም በእሷ ዕድሜ በሰው ቤት ጭስ እየታጠንሁ «የራሴ በር» እል ነበር። አየኋት፤ ቀጭን ናት፣ ዓይኗ ሥር ጠቁሯል፣ የሌሊት ተራ ይበዛባታል።

«ከፈረምሁና መክፈል ካቃታችሁ ቤቴ ይሄዳል» አልኋት።

«አያቅተንም።»

«አባቴም እንዲያ ነበር ያለው።»

«እማ፣ ደግሞ ያ ማሳ!» ብላ ቦርሳዋን አነሳች። ምሳ ሳትበላ ሄደች። እኔ ልጄን እንዳላጣ ቤቴን መስጠት፣ ቤቴን እንዳልሰጥ ልጄን ማጣት፤ ያን ቀን የነበርሁት በዚህ መካከል ነው። ቀልድ እንደማበዛ አውቃለሁ፤ ያን ቀን ግን አልቀለድሁም።

ሰኞ ጠዋት በሚኒባስ ሄድን። ደምሴ የሁላችንንም ሂሳብ ረዳቱ እስኪያፍር ድረስ እየጮኸ ከፈለ። መንገዱን ሙሉ ስልኩ አላረፈም። ከኋላው ስለተቀመጥሁ እሰማለሁ። «ኧረ ቀብዱን አትብላብኝ! እስከ ሐሙስ ጠብቀኝ… አዎ፣ መኪናዋን ለሌላ እንዳታሳይ… የጎደለኝ እኮ ያን ያህል አይደለም…» ይላል። ጆሮዬ እንደ ጉልበቴ አላረጀም። ያዝሁት።

ብርቱካንና ዳዊት ባንኩ በር ላይ ጠበቁን። ዳዊት ጥሩ ልጅ ነው፤ ጥሩነቱን በዝምታ ነው የሚገልጸው። ውስጥ ክራቫት ያሰረ ወጣት ሠራተኛ ወንበር ሰጠን። ወንበሩ አልበቃ ሲል ደምሴ ቆመ። ይህን ልብ በሉልኝ፤ በመጨረሻ የቆመው እሱ ሆነ።

«እማማ፣ መታወቂያዎን ይዘዋል?» አለኝ ወጣቱ።

«ይዣለሁ። መጀመሪያ ግን ጥያቄ አለኝ። ወለድ አለው የለውም?»

ወጣቱ ፈገግ አለ። «አለው እንጂ፣ እማማ። ያለ ወለድ ባንክ ምን ይበላል?»

የእኔኑ ጥያቄ መለሰልኝ። መምሬ ቆባቸውን አስተካከሉ። ሸህ ይማም «አስተግፊሩላህ» ብለው ብድግ አሉ፣ እስከ በሩ ሄዱ፣ በሩ ላይ ደግሞ ቆሙ። የቀረውን መስማት ፈልገዋል፤ አልፈርድባቸውም።

«በወር ስንት ነው?» አልሁ።

«አሥራ አራት ሺህ ሰባት መቶ ብር ገደማ።»

«እስከ መቼ?»

«ሃያ ዓመት።»

ብርቱካን «ይህን አውቃለሁ፣ እማ። ከዳዊት ሱቅ ጋር ይወጣል፤ አስበንበታል» አለች በሹክሹክታ።

«ቆይ። ከዚህ አሥራ አራት ሺህ ምናምን ውስጥ አንድ ሚሊዮኑን የሚቀንሰው ስንቱ ነው?»

ወጣቱ ማስያውን ነካ ነካ አደረገ። «በመጀመሪያው ወር… አምስት መቶ ብር ያህል።»

«ቀሪውስ?»

«ወለድ ነው። መጀመሪያ ላይ የሚበዛው ወለዱ ነው፤ እየቆየ ዋናው ይጨምራል።»

«ዓመት ሙሉ ከከፈሉ በኋላስ? ዕዳቸው ስንት ይሆናል?»

እንደገና ነካካና ትንሽ አፈር ብሎ ቀና አለ። የሚያፍርበት ነገር አልነበረም፣ የጠየቁትን ነው የመለሰው። «በዓመቱ እንኳ ብዙ አይወርድም፣ እማማ። ዕዳው ያው እንዳለ ነው ማለት ይቻላል።»

ጆሮዬ ጮኸ። ሃምሳ ዓመት ያህል ያልሰማሁት ዓረፍተ ነገር ክራቫት አስሮ መጣ። አንድ ዓመት ሙሉ የሌሊት ተራ፣ አንድ ዓመት የባጃጅ ፍሬን ሸራ፣ ከዚያ በኋላ ዕዳውም እንዳለ፣ ማሳውም እንዳለ።

«ሃያው ዓመት ሲያልቅ ሁሉም ተደምሮ ስንት ይከፍላሉ?»

«ወለዱ ባይለወጥ… ሦስት ሚሊዮን ተኩል ገደማ።»

«ለአንድ ሚሊዮን?»

«ለአንድ ሚሊዮን።»

ዳዊት ለመጀመሪያ ጊዜ ድምፁ ተሰማ። «ሦስ-ት?» አለ፤ አፉ ደርቆ ነው። ብርቱካን እጇን አፏ ላይ ጫነች። «ወርሃዊውን ነው የነገሩኝ፣ እማ። ጠቅላላውን ማንም አልነገረኝም» አለች።

«ጠይቀው አያውቁም» አለ ወጣቱ በትሕትና። «ብዙ ሰው አይጠይቅም። ደግሞ እማማ፣ ብሩ ይረክሳል፣ ደመወዝ ያድጋል፣ የቤቱም ዋጋ ይጨምራል። ለአንዳንዱ ያዋጣል።»

ይህንንም እውነቱን ነው የተናገረው፣ ስለዚህ አልደብቃችሁም። ግን አልሁት፦ «ልጄ፣ የአባቴም ማሳ ዋጋው ጨምሮ ነበር። የጨመረው ለሌላ ነው እንጂ።»

መታወቂያዬን ሳላወጣ ተነሳሁ።

ከባንኩ አጠገብ አንድ ጭማቂ ቤት ገባን። «ብርቱካን አለ?» ብል አስተናጋጇ «አቮካዶ ብቻ ነው» አለችኝ። ምን ይደረጋል፣ በደምሴ ሂሳብ አቮካዶ አዘዝሁ። ልጄ ግድግዳውን እያየች ታለቅሳለች። ሸህ ይማም ደምሴን ያዙት።

«አንተ፣ ወለድ መኖሩን ታውቅ ነበር?»

«ሸህ ይማም፣ ባንክ እኮ ነው…»

«ታውቅ ነበር ወይ ነው ያልሁህ። በነጭ ጢሜ ለወለድ ልታስማልደኝ!»

«እኔንም» አሉ መምሬ፣ «ከነመስቀሌ።»

ደምሴ ሊመልስ ሲል ስልኩ ጮኸ። አላነሳውም። ደግሞ ጮኸ።

«አንሳው እንጂ» አልሁት። «የመኪናው ሰውዬ ነው። እስከ ሐሙስ ካልከፈልህ ቀብድህን ይበላል። ስንት ነው የጎደለህ?»

ፊቱ አመድ መሰለ። «ማን ነገረዎት?»

«አንተ። በሚኒባስ ውስጥ። ለሁላችንም። ስንት ነው?»

ነገረኝ። ከግማሽ ሚሊዮን የማይበልጥ ነበር። ልጆቼ የቆጠቡትን ያህል።

መጠጫዬን አስቀመጥሁ። «እንግዲያው እነዚህ ሽማግሌዎች አንተን ወደ እኔ እንዳመጡህ እኔም በእነሱ ፊት እጠይቅሃለሁ። ቤትህን ለልጄ በወለድ አገድ ስጣት። ግማሽ ሚሊዮኑን ትወስዳለህ። እነሱ ቤቱ ውስጥ ይገባሉ፣ ኪራይ አይከፍሉም። አንተም ወለድ አትከፍልም። ገንዘቡን ስትመልስ ቤትህን ትረከባለህ። በጽሑፍ፣ በምስክር።»

«ይህ የድሮ ነገር ነው! ዛሬ ማን እንዲህ ይዋዋላል?»

«ድሮ ያደረገው አባትህ ነው።»

መምሬ ሳቃቸውን በነጠላቸው ሸፈኑት። «ደምሴ፣ ፍትሕ ያለበት ነገር ነው። ላባትህ የበጀ ላንተ ያንሳል?»

«እኔስ ምንም ነውር አላየሁበትም፤ ግን ኢማሙን ጠይቄ ነው ምስክር የምሆነው» አሉ ሸህ ይማም። ከዚያ ወዲህ በማንም ቃል አይሄዱም፤ ጥሩ ልማድ ነው።

ብርቱካን ዓይኗን ጠርጋ ወደ እኔ ዞረች። «እማ፣ የእኛ ገንዘብ ነው እኮ። እኔን ጠይቀሽኛል?»

አልጠየቅኋትም ነበር። «እየጠየቅሁሽ ነው» አልሁ።

ከዳዊት ጋር ውጭ ወጥተው ተነጋገሩ። በመስኮቱ አያቸዋለሁ፤ እሷ እጇን ታወናጭፋለች፣ እሱ ራሱን ይነቀንቃል። ያን ያህል ጊዜ አቮካዶ የጠጣሁበት ቀን የለም። ሲመለሱ እሷ ለእኔ ሳይሆን ለደምሴ ተናገረች። «የግቢውን ቁልፍ ዛሬውኑ። ውሃና መብራቱን እስከ ዛሬ ያለውን አንተ ትከፍላለህ።» የእኔ ልጅ መሆኗ የታወቀኝ ያኔ ነው።

ደምሴ ስልኩን አየ፣ ሽማግሌዎቹን አየ፣ በሩን አየ። ሐሙስ ቅርብ ነበር። እሺ አለ። የሸህ ይማም ኢማምም በማግስቱ የውሉን ቃል እንደ ሃይማኖታቸው አስተካክሎላቸው ፈረሙ።

እንግዲህ እናንተ የምትሰሙኝ፣ ባንክ አትግቡ አልላችሁም። ባንኩ አልዋሸኝም። የጠየቅሁትን ሁሉ መለሰልኝ፤ ከዘመዶቼ እንዲህ የመለሰልኝ የለም። የምላችሁ ይህን ነው፦ «በወር ስንት?» ብላችሁ አታቁሙ። የወሩ ዋጋ ሁልጊዜ የሚቻል ይመስላል፤ እንዲመስል ነው የተሰፋው። «ሲያልቅ የስንት ቤት ዋጋ ከፍዬ አንድ ቤት እገባለሁ?» በሉ። «ዓመት ከፍዬ ከዕዳው ስንት ይወርዳል?» በሉ። ገንዘብ ስታገኙ ቀድማችሁ ዋናውን መቀነስ ትችሉ እንደሆነም ጠይቁ። ከዚያ ያዋጣኛል የሚል ይፈርም፤ በረከት ያድርግለት። «ፊርማ ናት፣ አንዲት ፊርማ» የሚላችሁን ሰው ግን «መጀመሪያ አንተ ፈርም» በሉት።

የእኔ ዘዴ ጉድለት የለውም ብዬ አልዋሽም። ብርቱካን አሁንም ትነዘንዘኛለች፦ «ደምሴ ገንዘቡን ሲመልስ እኮ ብሩ በር እንኳ አይገዛም፣ እማ። ቤቱም የእኛ አይደለም።» እውነቷን ነው። ግን ኪራይ አትከፍልም፤ ለአከራይ ይሄድ የነበረውን በየወሩ እያስቀመጠች ቦታ እየፈለገች ነው። በሯንም ራሷ ትዘጋለች። ልጅ ወልዳለች፤ የውሃ የጨመረባት የለም።

በቀደም ዕለት ደምሴ መርሳ መጣ። ብቻውን፣ ያለ ሽማግሌ። መኪናዋ እንዳሰበው አልሠራችለትም መሰለኝ፣ ከስቷል። አግዳሚው ጫፍ ላይ ተቀመጠና ባርኔጣውን በእጁ እያዞረ፣

«እትዬ» አለኝ፣ «እስካሁን የኖሩበት ታስቦ ከዕዳው ትንሽ ይቀነስልኝ።»

የአባቴ ቃል ነው። ቃል በቃል ለማለት ምንም አይቀረው። ከአባቴ አፍ ከወጣ በኋላ በዚያ ቤተሰብ ውስጥ ሲዞር ኖሮ እኔ ደጃፍ ላይ ደረሰ። ቃሉን አጣጣምሁት።

«ምኑን ልቀንስልህ፣ ደምሴ? ዕዳውም እንዳለ ነው፣ ቤቱም እንዳለ ነው።»

ጺም የለኝም እንጂ አሻሸው ነበር።